ሁለት ሺህ ስምንት መቶ አሥራ አራት ቀን

ከደብረ ብርሃን ወደ አንኮበር የሚሄድ ሚኒባስ ሳይሞላ እንደማይንቀሳቀስ ትርሲት ታውቃለች። ማወቋ ግን አላስቀመጣትም። ሦስት ጊዜ «መቼ ነው የምንሄደው?» ብላ ሾፌሩን ጠየቀችው። በአራተኛው ዞር ብሎ አያትና፣

«እኅቴ፣ ምጥ ከሆነ ሆስፒታሉ በወዲያ በኩል ነው» አላት።

ተሳፋሪው ሳቀ። እሷ አልሳቀችም። ጉልበቷ ላይ ያለውን ነገር በነጠላዋ ከፀሐይ ከለለችና የባትሪውን መብራት አየች። ገና አረንጓዴ ነው።

ጉልበቷ ላይ ያለችው ጌም ናት። እንደ ትንሽ መጽሐፍ የምትከፈት፣ ከመዳፍ እምብዛም የማትበልጥ አሮጌ የጌም መጫወቻ። የሃያ አራት ዓመት ሴት እሑድ ጠዋት ጌም ታቅፋ አንኮበር ድረስ ምን ልትሠራ ነው የሚል ቢኖር አልፈርድበትም። ነገሩን ስላላወቀ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ትርሲትና አባቷ ካሴ ወለጋ ሳሉ፣ አክስቷ ከኩዌት ስትመለስ ይህችን ጌም አመጣችላት። ጌሟ ባዶ መሬት ትሰጥና «በይ እረሺ» ትላለች። የራሷ ቀን መቁጠሪያ አላት፤ እዚህ አንድ ቀን ሲያልፍ እዚያም አንድ ቀን ያልፋል። ያኔ የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ የነበረችው ትርሲት መሬቱን ስታገኝ ብዙም አልተጨነቀችም፤ የአባቷን እርሻ እንዳለ ገለበጠችው። ወንዙን በታች፣ ማንጎውን በደጃፍ፣ ማሳውን በቁልቁለቱ ላይ አደረገችው። ቡና የሚባል ተክል ጌሟ ውስጥ ስላጣች ቀይ ፍሬ የሚያፈራውን ቁጥቋጦ ቡና ነው አለች። ግንባሯ ነጭ የሆነች ላም ስታገኝ ደግሞ፣ እቤት እንዳለችው ላም፣ ቦራ አለቻት።

ከሁለት ዓመት በኋላ ያን አገር ጥለው ወጡ። ማንጎው ቀረ፣ ቦራ ቀረች፣ ሁሉም ቀረ። ጌሟ የትርሲት ሹራብ ኪስ ውስጥ ስለነበረች አብራ ወጣች።

አሁን ደብረ ብርሃን ዳር ባለው መጠለያ ከገቡ አምስተኛ ዓመታቸው ነው። ትርሲት ብርድ ልብስ ፋብሪካ ትሠራለች። እናቷ ገና በልጅነቷ ስለሞተች ቤተሰቡ እነሱ ሁለቱ ብቻ ናቸው። ካሴ ሁልጊዜ ጠዋት ጋቢውን ተከናንቦ ጌሟን ይከፍትና በአንድ ጣቱ እየገፋ እርሻው ውስጥ ይዞራል። ቦራን ያልባል፣ አረሙን ይነቅላል። ሲጨርስ ትርሲት ባሳየችው ቁልፍ የደረሰበትን ሴቭ አድርጎ ይዘጋል። «ዛሬ እዚያ ዘንቧል» ይላታል ከሥራ ስትመለስ። እሷም «እሰይ» ትለዋለች።

ባለፈው ግንቦት ዙሪያ ጥምጥም ሄዳ፣ «አባዬ፣ ሽማግሌ ልላክ የሚል ሰው ቢመጣስ?» ብላው ነበር።

ካሴ አልተቆጣም። «ሽማግሌ የሚቆመው ደጃፍ ላይ ነው» አለ። «እኔ ሸራ እንጂ ደጃፍ አለኝ? ልጄን በሸራ ደጅ አልሰጥም። አገራችን ስንገባ በማንጎው ሥር ይምጡ።»

«መቼ ነው የምንገባው?»

«እርሻው አለ አይደል እንዴ» አለና ጌሟን ከፍ አድርጎ አሳያት።

ከዚያ ወዲህ ትርሲት ዕረፍት የላትም። እርሻው ካለ አባቷ ይጠብቃል፤ አባቷ ከጠበቀ እሷም ትጠብቃለች። እርሻው ከጠፋ ደግሞ አባቷ ይጠፋባታል። ለሰው አትነግረው ነገር! ለአንድ ሰው ብቻ ነግራዋለች።

ያ ሰው ዘሥላሴ ነው። መናኸሪያው አጠገብ ካለች ጠባብ ሱቅ ሞባይል ይጠግናል፤ ለመጠለያው ሰው ስልክ ቻርጅ ያደርጋል። የአንኮበሩ መሪጌታ ኪዳነወልድ ልጅ ነው፤ ራሱም ዲያቆን ነው። መጀመሪያ ቀን ጌሟን ከስልኮቹ መሀል አንሥቶ፣

«ይቺ ደግሞ ምንድን ናት?» አላት።

«እርሻ ናት።»

ሊስቅ አፉን ከፈተ። ፊቷን ሲያይ መልሶ ገጠመው። የዚያን ዕለት ዘሥላሴ ስለሳቀ ሳይሆን ሳይስቅ ስለቀረ ልቧ ውስጥ ገባ። ሳቁን ሲውጥ ጉሮሮው ላይ ከፍ ዝቅ ያለችው ነገር እስከ ዛሬ ትታያታለች።

የጌሟ ቻርጀር መንገድ ላይ ጠፍቶ ስለነበር ከሁለት የተቆረጠ ገመድ አንድ ሠራላት። እሱም ሱቁ ውስጥ ብቻ ነው የሚሠራው። ስለዚህ በየሦስት ቀኑ መምጣት ነበረባት። ቻርጁ እስኪሞላ ትንሿ አግዳሚ ላይ ትቀመጣለች። እሱ አንገቱን ደፍቶ ይበይዳል፤ ቀና ሲል ዐይኗን ያገኛል፤ ይደፋል። አንድ ጊዜ ገመዱን ሳይሆን ጣቱን በየደ፤ ምክንያቱን ሁለቱም አልተናገሩም።

«ለምን አታየውም እርሻውን?» አለችው አንድ ቀን።

«ባለቤቱ ሳይጠራኝ ሰው መሬት ላይ አልገባም» አላት።

በጥቅምት «ሽማግሌ ልላክ?» ሲላት የአባቷን ቃል እንዳለ ነገረችው። ዘሥላሴ የያዘውን መበየጃ አስቀመጠና፣ «እንግዲህ ማንጎው ሥር መሄዴ ነው» አለ። እንደ ቀልድ ነበር ያለው፤ ድምፁ ግን እንደ ቀልድ አልነበረም።

ከዚያ ኅዳር ገባና የጌሟ ሰዓት የምትሠራበት ትንሿ ባትሪ ሞተች። ጌሟ በተከፈተች ቁጥር «ዛሬ ቀኑ ስንት ነው?» እያለች መጠየቅ ጀመረች። ዓርብ ዕለት ዘሥላሴ ባትሪዋን ቀየረ፤ ቀኑን ሞላ፤ እርሻው ውስጥ ሳይገባ ዘግቶ ሰጣት።

«ነገ አንኮበር እሄዳለሁ» አላት። «ሰኞ እመለሳለሁ። ግራ የሚገባሽ ነገር ካለ ምንም አትንኪ፤ እኔ ዘንድ አምጪው።»

ቅዳሜ ካሴ ለዕርዳታ እህል ተሰልፎ ስለ ዋለ ጌሟን አልከፈታትም። እሑድ ግን ይኸው ግራ ገባት።

ዛሬ ጠዋት ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ ካሴ ጌሟን ጉልበቱ ላይ ከፍቶ እንደ ተቀመጠ ነው። አይገፋም። አያልብም። ስክሪኑን አየችው። አረም! ከአጥሩ በላይ የወጣ አረም ማሳውን ውጦታል። ማንጎው አይታይም። በረቱ ክፍት ነው፤ ቦራ የለችም። ከላይ በእንግሊዝኛ አንድ መስመር ተጽፏል፦ ለመጨረሻ ጊዜ ከመጣህ ሁለት ሺህ ስምንት መቶ አሥራ አራት ቀን ሆኖሃል።

«አባዬ፣ የነካኸው ነገር አለ?»

«አልነካሁም» አለ ካሴ። «በሩ ላይ ቆሜ ቀረሁ። እግሬ እምቢ አለኝ።» ቆይቶ ደግሞ፣ «ይሄ ነው እንግዲህ እውነቱ። ሰው ከሌለበት መሬት እንዲህ ነው የሚሆነው። እኔ ስታለል ኖሬያለሁ» አለና ጋቢውን ተከናንቦ ፊቱን ወደ ሸራው አዞረ። ቁርስ ብላ ብትለው አልሰማትም።

ሴቭ ብታደርገው አረሙ የእውነት ሊሆን ነው። ብታጠፋው ደግሞ ምን እንደሚጠፋ አታውቅም። ክዳኑን እንዳትዘጋው ማጠፊያው ስለላላ፣ ሲዘጋ አንዳንዴ ጌሟ ራሷን ታጠፋለች። ለዘሥላሴ አሥራ አንድ ጊዜ ደወለች፤ አሥራ አንድ ጊዜ «የደወሉላቸውን ደንበኛ ማግኘት አይችሉም» ተባለች። ሱቁ ድረስ ሮጠች፤ ተዘግቷል። አጠገቡ ሻይ የምትሸጠው ብዙአየሁ፣

«አንኮበር ነው እኮ» አለቻት። «አባቱ አስጠርቶት። የቄስ ልጅ ሊያጩለት ነው መሰለኝ፤ ቅስና ሊቀበል ነው ሲሉ ሰማሁ። አንቺ አልሰማሽም?»

ትርሲት አልሰማችም። ሚኒባሱ ውስጥ የተቀመጠችው እንግዲህ ይህን ሁለቱን ይዛ ነው።

መኪናው መጨረሻ ላይ ሞላና ተንቀሳቀሰ። ገብሱ የታጨደበት ሜዳ ሲያልፍ መብራቱ ቢጫ ሆነ። የስክሪኑን ብርሃን ቀነሰችው። አንድ ጊዜ «ምን አገባኝ፣ ያግባ!» አለች በልቧ። ወዲያው ደግሞ «ታዲያ እንዴት አልነገረኝም?» አለች። ወዲያው «ምናልባት ዓርብ ሊነግረኝ ፈልጎ ነበር» አለች። እንዲህ ስትገለባበጥ፣ አጠገቧ የተቀመጡት እናት «ልጄ፣ ወንበሩን ቀዳደድሽው እኮ» አሏት።

አንኮበር ስትወርድ ጉሙ ከገደሉ ሥር እየወጣ ነው። የመሪጌታ ኪዳነወልድን ቤት ጠይቃ ቁልቁል ሮጠች። ነጭ ነጠላ የለበሱ ሰዎች ግቢውን ሞልተው ስታይ በሩ ላይ ቆመች። ጠላ ይቀዳል፤ ዳቦ ይቆረሳል። የማጨቱ ድግስ ይሄ ነው አለች። ልትመለስ ዞረች። መብራቱ ቀይ ሆኖ መብለጭለጭ ጀመረ።

ተመልሳ ዞረች።

ዘሥላሴ ማንቆርቆሪያ ይዞ ሲያሳልፍ በሩ ላይ አያት። ማንቆርቆሪያውን የሰጠው ለማን እንደሆነ እሱም አያውቅም።

«ትርሲት! ምን ሆነሻል? አባትሽ ደህና ናቸው?»

«እንኳን ደስ ያለህ» አለችው። ከዚያ እንባዋ መጣ። «እርሻውን ገደልከው፤ አባቴንም ገደልከው። አሁን ሚስትህ ጋር ከመሄድህ በፊት ይሄን አስተካክልልኝ!»

«የምን ሚስት?»

«ድግሱ ምንድን ነው ታዲያ?»

«የሥላሴ ማኅበር ነው እኮ! ተራው የአባቴ ነው። ዛሬ ሰባት አይደል እንዴ?»

ትርሲት ሰባት መሆኑን ያን ጊዜ ነው ያስታወሰችው።

«አባቴ ሚስት አግባ፣ ቅስና ተቀበል ብሎኛል፤ እውነት ነው» አለ ዘሥላሴ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ከትናንት ጀምሮ እምቢ ስለው ነው ያለሁት። ለምን ሲለኝ መልስ አጣሁ። ሳትፈቅጂልኝ ስምሽን እንዴት ልጥራ?»

ይህን ሲነጋገሩ መሪጌታ ኪዳነወልድ መቋሚያቸውን ተደግፈው ከኋላ መጥተው ቆመዋል። ግቢው በሙሉም ዝም ብሎ እያየ ነው።

«ዘሥላሴ፣ ልጅቷን ምን አድርገሃት ነው የምታለቅሰው?»

ትርሲት ጎንበስ ብላ ጉልበታቸውን ሳመች። «አባ፣ እርሻችን ጠፋብን» አለች። ከዚያ ወዲያ ማቆም አልቻለችም፤ ወለጋውን፣ ማንጎውን፣ አባቷን፣ ሁሉንም አንድ ላይ ተናገረች። ሽማግሌው ግማሹን ሳይገባቸው በጥሞና ሰሙ። ጌሟን ተቀብለው ወደ ዐይናቸው አስጠጉ።

«ይህ ቁጥር ምን ይላል?»

«ከመጣችሁ ሁለት ሺህ ስምንት መቶ አሥራ አራት ቀን ሆናችሁ ነው የሚለው። ውሸት ነው፤ ሐሙስ አባቴ ገብቶ ነበር።»

መሪጌታ ባሕረ ሐሳብ የሚያስተምሩ ሰው ናቸው፤ ቀን ከሰጧቸው ሌላውን ሁሉ ይረሳሉ። ዐይናቸውን ጨፍነው ጣቶቻቸውን ቆጠሩ። «ሰባት ዓመት… ስምንት ወር… ከምናምን ቀን።» ዐይናቸውን ገለጡ። «አንቺ መጀመሪያ ዓመቱን ስንት ብለሽ ነበር የሞላሽው?»

«ሁለት ሺህ አሥራ አንድ። ወሩን ኅዳር ስለነበር ሦስት አልኩት።»

«አንተስ?»

ዘሥላሴ ፊቱ ተለወጠ። «እኔ… ከስልኬ አይቼ ነው። ሁለት ሺህ ሃያ አምስት። ወሩን አሥራ አንድ።»

«በፈረንጅ!» አሉ መሪጌታ፤ መቋሚያቸውን መሬት ላይ መቱ። «እሷ በኛ ቆጠረች፣ አንተ በፈረንጅ ቆጠርክ። በኅዳር ልዩነቱ ሰባት ዓመት ነው፤ ከሦስተኛው ወር እስከ አሥራ አንደኛው ደግሞ ስምንት ወር። ከፊደል ጀምሬ ያስተማርኩት ልጅ!»

ማኅበርተኛው ሳቀ። ዘሥላሴ ግን ጌሟን አፍጥጦ ያያል። መብራቱ ቶሎ ቶሎ ይብለጨለጫል።

«ትርሲት፣ አባትሽ በሩን አልፈው ገብተዋል?»

«አልገባም። እግሬ እምቢ አለኝ ነው ያለው።»

«ሴቭስ አድርገዋል?»

«ምንም አልነካም።»

«እንግዲያው አረሙ ገና አልተጻፈም» አለ። «የተጻፈው የሐሙሱ ነው። ማጥፋት ነው ያለብን።»

«አጥፍተህ ከጠፋስ?»

አያት። ውሸት አልነገራትም። «የማውቀው ይህን ነው። እርሻው ግን ያንቺ ነው፤ አንቺ አጥፊው።»

ከደብረ ብርሃን ጀምሮ እንዳትጠፋ ስትጠብቃት የመጣችው፣ በነጠላ የከለለቻት፣ ብርሃኗን የቆጠበችላት ጌም፣ ለካ ተሸክማ የመጣችው ጥፋቱን ብቻ ነበር። ጣቷን ቁልፉ ላይ አደረገች። ዘሥላሴ እጇን አልያዘም፤ አባቱ ቆመዋል። ግን ቀረብ ብሎ ቆመ፤ ትከሻዋ ላይ የትንፋሹ ሙቀት ተሰማት። ቁልፉን ተጫነች። ስክሪኑ ጠቆረ።

ዘሥላሴ ቤት ውስጥ አሮጌ የስልክ ቻርጀር ቆርጦ ገመዱን ሲያያይዝ ላቡ ጠብ ጠብ ይል ነበር። ጌሟ በራች። ቀኑን ትርሲት ሞላችው፤ ሁለት ሺህ አሥራ ስምንት፣ ወር ሦስት፣ ቀን ሰባት። ከዚያ ሁለት መስመር መጣ፦ ካቆምክበት ቀጥል፤ አዲስ ጀምር። የላይኛውን ተጫነች።

ማንጎው ቆሟል። ማሳው አምሯል። ቦራ በረቱ በር ላይ አንገቷን አውጥታ ቆማለች።

ትርሲት ጮኸች። የጮኸችው ምን ብላ እንደሆነ ኋላም አላስታወሰችም።

«አሁን ግባ» አለችው ዘሥላሴን። «ጠርቼሃለሁ።»

ሁለቱ ትከሻ ለትከሻ ሆነው እርሻውን ዞሩት። ወንዙ ጋ ሲደርሱ፣ «ጌሟ ውስጥ የሚገባ ሁለተኛ ካርድ እፈልጋለሁ» አለ ዘሥላሴ ቀስ ብሎ። «አንድ ካርድ የሚይዘው አንድ እርሻ ነው። አዲስ ስንጀምር ይሄኛው እንዳይነካ።»

«ስንጀምር?» አለች።

«ስንጀምር» አለ።

መሪጌታ ከኋላቸው ሆነው ሲያዩ ቆይተው ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ይህን ቁልቁለት በአግድም ያረሰው ማነው?»

«አባቴ ነው፣ አባ። እውነተኛው እንዲህ ነበር፤ እኔ ገለበጥኩት እንጂ።»

«በቁልቁል ቢያርሰው አፈሩ ወንዝ ይገባ ነበር።» ሽማግሌው ብዙ አሰቡ። የልጅቷን ዘር ሰባት ቤት ቆጥሮ የሚነግራቸው ሰው ወዴት እንደሚገኝ ሊጠይቁ ነበር፤ ተዉት። «ይህን ሰው ላየው እፈልጋለሁ» አሉ። «ጾሙ ሳይገባ፣ ቅዳሜ።»

ትርሲት በዚያው ቀን ተመለሰች። ካሴ ቦራን ሲያይ ጣቱን ስክሪኑ ላይ አድርጎ ቆየ። የቀኑን ስሕተት ስታስረዳው ሰማት፤ መሪጌታ ስለ አግድም እርሻው ያሉትን ስትነግረው «እንዲህ አሉ?» ብሎ ሁለት ጊዜ አስደገማት። ቅዳሜ እንደሚመጡ ስትነግረው ግን ዐይኑን ወደ ስክሪኑ መለሰ።

«አባዬ፣ እርሻው እኮ ተመልሷል።»

«ተመልሷል» አለ። «ያየሁትን ግን አላየሁም አልልም።»

ከዚህ ሌላ ቃል አልወጣውም። ሰኞ አልተናገረም፣ ማክሰኞ አልተናገረም። ትርሲት ፋብሪካ ውስጥ ክር አምታታች። ሱቁ ሄዳ አግዳሚው ላይ ተቀምጣ ትነሣለች፤ ተነሥታ ትቀመጣለች። «ቢመልሳቸውስ?» ትለዋለች። ዘሥላሴ «አላውቅም» ይላታል፤ የያዘውን ስልክ ለሦስተኛ ጊዜ ይፈታዋል።

ቅዳሜ ረፋዱ ላይ መሪጌታ ኪዳነወልድ ሁለት ሽማግሌዎች አስከትለው መጡ። የመጠለያው ሰው መንገድ ለቀቀ። ካሴ ሸራው ውስጥ ጌሟን ይዞ ተቀምጧል። ትርሲት ከመጋረጃው ጀርባ ቆማ በጥፍሯ መዳፏን ወጋች። እንደ ወጉ ቢሆን እንግዶቹ ደጅ ቆመው «ቤቶች!» ሊሉ ነበር። መሪጌታ ግን ጎንበስ ብለው ሸራውን አዩ፤ ቀና አሉ፤ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣

«ቤት ለእንቦሳ!» አሉ።

አዲስ ቤት ለሠራ ሰው የሚባል ነው። በአምስት ዓመት ውስጥ በዚያ ሸራ ደጅ ቆሞ ይህን ያለ ሰው አልነበረም፤ ማንም ቤት ነው ብሎ አላሰበውማ። ካሴ ራሱ አላሰበውም።

ካሴ አልመለሰም። ጣቱ ሲንቀሳቀስ ትርሲት ታያለች። እርሻው ውስጥ ያለውን ሰውዬ ቀስ እያለ በማሳው አጠገብ አሳለፈው፤ ከቦራ አጠገብ ትንሽ አቆመው፤ ከዚያ ማንጎው ሥር አደረሰው። ሴቭ አደረገ። ክዳኑን ዘግቶ ጌሟን ራስጌው ካለው ሣጥን ውስጥ አስቀመጠ። ተነሣ፤ ጋቢውን አስተካከለ፤ የሸራውን መዝጊያ በሁለት እጁ ገለጠው።

«እንቦሳ እሰሩ!» አለ። «ግቡ፤ ደጃፉ ይሄ ነው።»